ባቡሩ መቼ ደረሰ? ስለ መጀመሪያዎቹ ድምፅ አልባ ፊልሞች የሚጋጩ መዛግብት

ጥያቄ፦ «ለፊልም ክበባችን ስለ ሲኒማ አጀማመር አጭር ጽሑፍ እያዘጋጀሁ ነው። አንዱ ምንጭ፣ ፈረንሳውያኑ የፊልም ፈር ቀዳጆች የሉሚየር ወንድማማቾች የባቡሩን ፊልም ዲሴምበር 28 ቀን 1895 ፓሪስ ውስጥ ሲያሳዩ ተመልካቹ ደንግጦ ከአዳራሹ ሮጦ ወጣ ይላል። ሌላው ፊልሙ የታየው በ1896 ነው ይላል። ሦስተኛው ደግሞ ጭራሽ የተቀረጸው በ1897 ነው ይላል። በአማርኛ ያገኘሁት ጽሑፍ የመጀመሪያው ፊልም የተሠራው በ1888 ነው ብሎ ሌላ ሰው ይጠቅሳል። ብዙዎቹ የተስማሙበትን ልውሰድ ወይስ የቆየውን መጽሐፍ? ዩቲዩብ ላይ ያለውን ቪዲዮስ እንደ ማስረጃ መጠቀም እችላለሁ?»

ምላሽ፦

ብዙዎቹ የተስማሙበትን አይውሰዱ። የቆየውን መጽሐፍም ስለቆየ ብቻ አይመኑት። በዚህ ዘመን ፊልሞች ታሪክ ላይ አሥር መጻሕፍት አንድ ነገር ሲሉ ብዙ ጊዜ አንዱ ጽፎት ዘጠኙ ገልብጠውት ነው። ያ የሚቆጠረው እንደ አንድ ምስክር ነው። ደግሞም መጀመሪያ የሚጠየቀው «የትኛው ቀን ትክክል ነው?» አይደለም። «የትኛው ጥቅል ፊልም?» ነው። ከዚያ «የምኑ ቀን?» ይቀጥላል። የተቀረጸበት ነው፣ የተመዘገበበት ነው፣ ወይስ የታየበት? እነዚህን ሁለቱን ከመለሱ አብዛኛው ግጭት በራሱ ይፈታል።

ከዚህ በታች ያሉት ቀኖች «ዓ.ም.» ካላልኩ በቀር በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው። ይህን የምለው ለወግ አይደለም፤ ምክንያቱን ዝቅ ብለው ያገኙታል።

ወደ ባቡሩ እንሂድ። ካመጧቸው ሦስት ቀኖች ሁለቱ ትክክል ናቸው፣ አንዱ ስህተት ነው። የተሳሳተው ደግሞ ሁሉም የሚያውቀው ነው፤ 1895።

ዲሴምበር 28 ቀን 1895 ሉሚየሮች ፓሪስ፣ ቡልቫር ደ ካፑሲን በሚገኘው ግራን ካፌ ምድር ቤት ፊልም አሳይተዋል። ይህ እውነት ነው። መግቢያው 1 ፍራንክ ነበር። ከፍሎ የገባው ሰው 33 ብቻ ነው። የዕለቱ ዝርዝርም እጃችን ላይ አለ፤ አሥር ፊልም ነው። ሠራተኞች ከፋብሪካ ይወጣሉ። አንድ ሰው ፈረስ ላይ ለመውጣት መከራውን ያያል። ሕፃን ልጅ እጇን ወደ ቀይ ዓሣዎች ገንዳ ትሰዳለች። ለጉባኤ የመጡ ፎቶ አንሺዎች ከጀልባ ይወርዳሉ። አንጥረኞች ብረት ይቀጠቅጣሉ። አንድ ተንኮለኛ ልጅ የአትክልተኛውን ጎማ ረግጦ ውኃውን ፊቱ ላይ ያስረጨዋል። ሕፃን ልጅ ምግብ ትበላለች። ሰዎች አንዱን በብርድ ልብስ ወደ ላይ ያጉኑታል። የሊዮን አደባባይ ይታያል። ሰዎች ባሕር ውስጥ ዘለው ይገባሉ። አለቀ። ባቡር የለም።

ስለዚህ «ዲሴምበር 28 የባቡሩን ፊልም አሳዩ» የሚለው መጽሐፍ የዕለቱን ዝርዝር አላየም። በሌላ ነገር ላይም ስትጠነቀቁት ይሻላል።

የባቡር ፊልም በሉሚየር ትዕይንቶች ላይ መታየት የጀመረው በ1896 ነው። ለዚህ ጥሩ ምስክር አለን። ሩሲያዊው ጸሐፊ ማክሲም ጎርኪ ኒዥኒ ኖቭጎሮድ ከተማ ውስጥ የሉሚየርን ፊልሞች አይቶ በአካባቢው ጋዜጣ ላይ ጽፏል። ጽሑፉ የወጣው ጁላይ 4 ቀን 1896 ነው። ይህ በሩሲያ የድሮ አቆጣጠር ነው፤ በምዕራባውያኑ ጁላይ 16 ይሆናል። ጎርኪ ካያቸው ነገሮች መካከል ወደ ተመልካቹ የሚገሰግስ ባቡር አለ። እንግዲህ በ1896 አጋማሽ የባቡር ፊልም ነበረ ማለት ነው። ይህ ግምት አይደለም።

ዛሬ እኔና እርስዎ የምናውቀው ግን ያ አይደለም። በደቡብ ፈረንሳይዋ ከተማ በላ ሲዮታ ባቡር ጣቢያ፣ መድረኩ ላይ ሰዎች ቆመው ሲጠብቁ ባቡሩ ከቀኝ በኩል በሰያፍ የሚገባበት ፊልም በሉሚየር ካታሎግ ቁጥር 653 ነው። አጥኚዎች የተቀረጸው በ1897 በጋ ነው ይላሉ። ጎርኪ በ1896 በ1897 የተቀረጸ ፊልም ሊያይ አይችልም። ስለዚህ ያየው ሌላ ጥቅል ነው። 1896 የሚለው ምንጭዎ ስለ አንዱ፣ 1897 የሚለው ስለ ሌላው እያወራ ነው። ሁለቱም ልክ ናቸው። ችግሩ ሁለቱም «የባቡሩ ፊልም» እያሉ መጥራታቸው ነው።

አንድን ነገር ሁለቴ ሦስቴ ለምን ይቀርጹታል? ኔጋቲቩ፣ ማለትም ቅጂ የሚወጣበት ዋናው ፊልም፣ ስለሚያልቅ። የዚያን ጊዜ ፊልም 17 ሜትር ገደማ ነው፤ ከ50 ሰከንድ አይበልጥም። ቅጂ የሚወጣው ኔጋቲቩን ከባዶ ፊልም ጋር አጣብቆ ብርሃን በማሳለፍ ነው። የሉሚየር መሣሪያ ራሱ ካሜራም፣ ቅጂ ማውጫም፣ ማሳያም ነበር። የተወደደ ፊልም ብዙ ቅጂ ይጠየቅበታል። ኔጋቲቩ ይጫራል፣ ጠርዙ ላይ ያለው ቀዳዳ ይቀደዳል፣ በቃ ያልቃል። ነጋዴው ያኔ ካሜራውን ይዞ ይወጣና ያንኑ ነገር እንደገና ይቀርጻል። ስሙን ግን አይቀይርም። ደንበኛው የሚያዘው ርዕሱን እንጂ ጥቅሉን አይደለም። በዚያ ላይ ተወዳዳሪው አለ፤ ጆርጅ ሜሊየስ በዚያው 1896 የራሱን የባቡር መድረስ በቬንሴን ጣቢያ ቀርጿል። ባቡር ገበያ ነበረው።

ይህን በገዛ ዓይንዎ ማየት ከፈለጉ የፋብሪካውን ፊልም ይመልከቱ። ሠራተኞች ሊዮን ካለው የሉሚየር ፋብሪካ በር ሲወጡ የሚታይበት ነው። በእጃችን ያለው አንድ አይደለም፤ ሦስት ነው። አጥኚዎቹ የሚለዩበት መንገድ ቀላል ነው፤ ፈረስ ይቆጥራሉ። በአንዱ ከበሩ የሚወጣውን ጋሪ አንድ ፈረስ ይጎትተዋል። በሁለተኛው ሁለት ፈረሶች ናቸው። በሦስተኛው ጋሪም ፈረስም የለም። አለባበሱም ይለያያል፤ ወቅቱ እንደተቀየረ ልብሳቸው ይናገራል። ኢንተርኔት ላይ ግን ሦስቱንም «1895» የሚል አንድ ምልክት ተለጥፎባቸው ያገኟቸዋል። ማርች 22 ቀን 1895 ፓሪስ ውስጥ ለአንድ የኢንዱስትሪ ማኅበር አባላት የፋብሪካው መውጫ ታይቷል። ያ ቀን ሦስቱንም ሊሸፍን አይችልም። «የ1895 ፊልም» ብለው ምስል ከመለጠፍዎ በፊት ፈረሱን ይቁጠሩ።

አሁን ወደ ድንጋጤው። ይህ ታሪክ ጣፋጭ ስለሆነ ማንም ሊለቀው አይፈልግም። ማስረጃ ግን የለውም። ጀርመናዊው የፊልም ታሪክ አጥኚ ማርቲን ሎይፐርዲንገር ጉዳዩን በደንብ መርምሮታል። ሰው ከባቡሩ ሸሽቶ መሮጡን የሚመሰክር የዘመኑ የጋዜጣ ዘገባ ወይም የፖሊስ መዝገብ አልተገኘም። ከዲሴምበር 28 በኋላ ሁለት የፓሪስ ጋዜጦች በዚያው ወር በ30ኛው ቀን ስለ ትዕይንቱ ጽፈዋል። የገረማቸው ሕይወት እንዳለ መያዟ ነው። ስለ ባቡር አላወሩም፤ ባቡር አልነበረማ።

ጎርኪ በበኩሉ ባቡሩ ቀጥታ ወደ እናንተ እየመጣ ነው፣ ተጠንቀቁ በሚል መንፈስ ይጀምርና ወዲያው ይህም የጥላ ባቡር ነው ይላል። የመጀመሪያውን ቆርጦ ሁለተኛውን የተወ ሰው የድንጋጤ ምስክር ያገኘ ይመስለዋል። ሌላም ነገር ያደናግራል። ሉዊ ሉሚየር በ1930ዎቹ አጋማሽ የባቡሩን መድረስ ጥልቀት ባለው ምስል፣ ማለትም በሦስት ዳይሜንሽን፣ እንደገና ቀርጾ አሳይቷል። ባቡር ከስክሪን ሲወጣ የሚመስለው ያኛው ነው። ሰው መገረሙን፣ አንዳንዱም ክው ማለቱን አልክድም። «አዳራሹ በድንጋጤ ተበተነ» የሚለውን ግን ጽሑፍዎ ውስጥ እንደ እውነት አያስገቡ። ማስገባት ካለብዎ «በኋላ የተወራ» ብለው ያስገቡ።

የአማርኛው ጽሑፍ 1888 ያለው ጉዳይ ለብቻው መታየት አለበት። እኛ ላይ ብቻ የሚደርስ ወጥመድ ነው። ሉዊ ለ ፕሬንስ የተባለ ፈረንሳዊ እንግሊዝ አገር፣ ሊድስ ውስጥ በኦክቶበር 1888 የአማቾቹን ግቢ ቀርጿል። ይህ በፈረንጆች 1888 ነው። በእኛ ጥቅምት 1881 ዓ.ም. ይሆናል። የሉሚየሮች የግራን ካፌ ትዕይንት ደግሞ በእኛ ታኅሣሥ 19 ቀን 1888 ዓ.ም. ነው፤ አድዋ ሁለት ወር ሲቀረው። አያችሁት? «የመጀመሪያው ፊልም በ1888» የሚል ዓረፍተ ነገር በሁለቱም አቆጣጠር እውነት ይመስላል፤ ግን ስለ ሁለት ሰውና ስለ ሁለት አገር ነው። «እ.ኤ.አ.» የምትለዋን ምልክት አንዱ ጸሐፊ ሲረሳት ሌላው ሰባት ዓመት ይቀንሳል፣ ሦስተኛው ይጨምራል። እንዲህ እያለ የማይገኝ ዓመት ይወለዳል።

ቀን ሲቀይሩም ይጠንቀቁ። ከ1900 በፊት በሁለቱ አቆጣጠሮች መካከል ያለው ልዩነት ከዛሬው በአንድ ቀን ያንሳል። የአድዋን ቀን ይውሰዱ። ጦርነቱ የተደረገው የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ነው፤ በፈረንጅ ማርች 1 ቀን 1896። ዛሬ የካቲት 23ን ስናከብር ግን ፈረንጁ ማርች 2 ላይ ነው። የስልክዎ መቀየሪያ ይህን ካላወቀ የ19ኛውን ክፍለ ዘመን ቀን ያዛባዋል። በአድዋ ይሞክሩት፤ ማርች 1 ካላወጣ ለዚህ ሥራ አይሆንም።

የለ ፕሬንስ ፊልም ሌላም ነገር ያስተምራል። መጻሕፍቱ ኦክቶበር 14 ቀን 1888 ይላሉ። ይህን ቀን የተናገረው ልጁ አዶልፍ ነው፤ እሱ ራሱም ፊልሙ ውስጥ አለ። ከዓመታት በኋላ የተነገረ የቤተሰብ ምስክርነት ነው። ፊልሙ ውስጥ ግን ሣራ ዊትሊ የምትባል አሮጊት ትታያለች፤ የለ ፕሬንስ አማት ናት። እሷ የሞተችው ኦክቶበር 24 ቀን 1888 ነው። እንግዲህ ፊልሙ ከዚያ ቀን በኋላ ሊቀረጽ አይችልም። ይህን የሚያፈርስ ሰው የለም። ልዩነቱን ልብ ይበሉ። «ከኦክቶበር 24 በፊት» የተረጋገጠ ነው። «ኦክቶበር 14» የተነገረ ነው። ሁለቱን በአንድ ዓይነት ድምፅ አይጻፏቸው።

አንድ ፊልም ስንት ቀን ሊኖረው እንደሚችል ደግሞ ከአሜሪካዊው ፈልሳፊ ከቶማስ ኤዲሰን ቤት አንድ ምሳሌ ልስጥዎ። ፍሬድ ኦት የሚባል የኤዲሰን ሠራተኛ ሲያነጥስ የሚታይበት ፊልም አለ። ጥቂት ሰከንድ ነው። የተቀረጸው በጃንዋሪ 1894 የመጀመሪያ ሳምንት ነው። ዋሽንግተን በሚገኘው የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት የቅጂ መብቱ የተመዘገበው ጃንዋሪ 9 ነው። ፍሬሞቹ፣ ማለትም የፊልሙ ነጠላ ምስሎች፣ ተደርድረው በመጽሔት ላይ የወጡት ማርች 24 ነው። ሦስቱም ቀን ትክክል ነው። ካታሎግ ላይ አንድ ቀን ብቻ ሲያዩ የምን ቀን እንደሆነ ይጠይቁ። በአሜሪካ ፊልሞች ላይ አብዛኛውን ጊዜ የምዝገባ ቀን ነው፤ ሰዎች ግን «የተቀረጸው» ብለው ይተረጉሙታል።

«የመጀመሪያው» የሚለው ቃልም እንዲሁ ነው። ኒው ዮርክ፣ ብሮድዌይ ላይ ኤፕሪል 14 ቀን 1894 ሰዎች ከፍለው የኤዲሰንን ፊልም አይተዋል፤ ነገር ግን በሳጥን ቀዳዳ፣ አንድ በአንድ አጎንብሰው። ሌተም የሚባሉ አባትና ልጆች በዚያችው ከተማ ሜይ 20 ቀን 1895 ስክሪን ላይ ለከፋይ ተመልካች አሳይተዋል። ስክላዳኖቭስኪ ወንድማማቾች በርሊን ውስጥ ኖቬምበር 1 ቀን 1895 አሳይተዋል። ሉሚየሮች የመጡት ከሁሉም በኋላ ነው። እነሱ ያሸነፉት መሣሪያቸው ቀላልና አስተማማኝ ስለነበረ ነው፤ ዓለምንም በፍጥነት ስላዳረሱት። «የመጀመሪያው» ብሎ ያለ ቅጽል የሚጽፍ ሰው ከአራቱ አንዱን መርጦ ሦስቱን ደብቋል። ፈረንሳዊ ጸሐፊ ማንን፣ ጀርመናዊው ማንን እንደሚመርጥ መገመት አያቅትዎትም።

እስካሁን ያየነው የቀን ጉዳይ ነው። ከዚህ የሚከብደው ፊልሙ ራሱ ሁለት ዓይነት ሆኖ ሲገኝ ነው። በዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ በሙያችን ከዚህ የተሻለ ትምህርት የሚሰጥ ጉዳይ አላውቅም።

ኤድዊን ፖርተር ለኤዲሰን ኩባንያ በ1902 መጨረሻ ስለ አንድ አሜሪካዊ እሳት አጥፊ ፊልም ሠራ። መጨረሻው ላይ እሳት አጥፊው የሚነድ ቤት ገብቶ እናትና ልጅ ያወጣል። ከዚህ ፊልም ሁለት የማይመሳሰሉ ቅጂዎች ወደ እኛ ደርሰዋል። በአንዱ ላይ ካሜራው ውስጥ፣ ውጭ፣ ውስጥ፣ ውጭ እያለ ይፈራረቃል። እናት በመስኮት ስትወጣ ወደ ውጭ ይቆረጣል፣ መሰላሉን ትወርዳለች፤ ተመልሶ ወደ ውስጥ ይገባል። ዛሬ ቴሌቪዥን ላይ እንደምናየው ማለት ነው። በሌላው ቅጂ ላይ ደግሞ ነገሩ ሁሉ መጀመሪያ ከክፍሉ ውስጥ ከጅምሩ እስከ ፍጻሜው ይታያል። እናት ትድናለች፣ ልጅም ይድናል። ከዚያ ያው ማዳን ከውጭ በኩል፣ እንደገና ከመጀመሪያው ይጀምራል። እናት ሁለቴ ትድናለች።

ለዓመታት የታሪክ ጸሐፊዎች የመጀመሪያውን ይዘው ፖርተርን የዘመናዊ ኤዲቲንግ አባት አሉት። ሁለተኛውን ያዩ ደግሞ ያልተጠናቀቀ ሥራ ነው ብለው ናቁት። እንዴት ተፈታ? የእያንዳንዱ ቅጂ የኋላ ታሪክ ተመረመረ። የሚደግመው ቅጂ ወረቀት ነው። አሜሪካ ውስጥ እስከ 1912 ድረስ ፊልምን እንደ ፊልም የሚያስመዘግብ ሕግ ስላልነበረ ኩባንያዎች ፊልማቸውን በረዥም የፎቶ ወረቀት ጥቅል አትመው እንደ ፎቶ ያስመዘግቡት ነበር። የእሳት አጥፊው ወረቀት በጃንዋሪ 1903 ገባ። ከዚያ ወዲህ ማንም ሳይነካው ተቀምጧል። የሚያፈራርቀው ቅጂ ግን ኒው ዮርክ ወደሚገኘው የዘመናዊ ጥበብ ሙዚየም የገባው ከአራት አሥርት ዓመታት በኋላ ነው። እስከዚያ በማን እጅ እንዳለፈ አይታይም። በ1978 የዓለም የፊልም ቤተ መዛግብት ሰዎች እንግሊዝ፣ ብራይተን ላይ ተሰብስበው የዚያን ዘመን ፊልሞች በብዛት ሲያዩ፣ ድርጊትን ከሁለት በኩል መድገም በጊዜው የተለመደ እንደነበር ግልጽ ሆነ። የፊልም ታሪክ አጥኚዎቹ አንድሬ ጎድሮና ቻርልስ መሰር ነገሩን በዝርዝር ጻፉት። ዛሬ የሚታመነው የሚደግመው ነው። የሚያፈራርቀውን ዓይኑ ዘመናዊውን አቆራረጥ የለመደ ሰው በኋላ ቆራርጦ ያስተካከለው ነው።

ከዚህ የምወስደው ግልጽ ነው። የድሮ ፊልም ለዛሬ ዓይን በጣም ከተመቸ ይጠርጥሩት።

ወረቀቱንም ቢሆን ቅዱስ አያድርጉት። ኩባንያዎች አንዳንዴ ሙሉውን ሳይሆን ቁርጥራጩን ብቻ ያስገቡ ነበር። የእሳት አጥፊውን ወረቀት ያስመነው ወረቀት መሆኑ ብቻ አይደለም፤ የዘመኑ ሌሎች ፊልሞች ስለመሰከሩለት ነው።

ሁለት መዝገብ ተጋጭቶ ሁለቱም ልክ የሚሆንበት ጊዜም አለ። የዚያው ፖርተር የባቡር ዘረፋ ፊልም፣ በ1903 መጨረሻ የወጣው፣ ሽፍታው ወደ ካሜራው ዞሮ የሚተኩስበት ሾት አለው። አንዳንዱ ጽሑፍ መጀመሪያ ላይ ነው ይላል፣ አንዳንዱ መጨረሻ ላይ። የኤዲሰን ካታሎግ ለአሳዪዎች የነገራቸው ከፈለጋችሁ መጀመሪያ፣ ከፈለጋችሁ መጨረሻ ላይ አድርጉት ብሎ ነው። በዚያ ዘመን ፊልሙን የሚጨርሰው አሳዪው ነበር። «ትክክለኛውን» ቅደም ተከተል መፈለግ እዚህ ላይ ከንቱ ልፋት ነው።

ርዝመቱም ላይ ሰው ይጣላል። የዚህ ፊልም ርዝመት 740 ጫማ ነው። አንድ ጫማ 35 ሚሊ ሜትር ፊልም 16 ፍሬም ይይዛል። በሰከንድ 16 ፍሬም ካሳዩት የጫማው ቁጥር በቀጥታ ሰከንድ ይሆናል፤ 740 ሰከንድ፣ ማለትም 12 ደቂቃ ከ20። በዛሬው 24 ፍሬም ካሳዩት 8 ደቂቃ ከ13 ሰከንድ ነው። ስለዚህ «የ12 ደቂቃ» እና «የ8 ደቂቃ» ቅጂ አገኘሁ ብለው የጠፋ ትዕይንት ፍለጋ አይውጡ። መጀመሪያ ጫማውን ይጠይቁ። ካሜራውም ማሳያውም በእጅ ይዞር ስለነበር ደቂቃ መቼም የማይጸና ቁጥር ነው።

ጥቅሉን በእጅ የሚይዝ ሰው ተጨማሪ ዕድል አለው። የሉሚየር ፊልም በእያንዳንዱ ፍሬም ግራና ቀኝ አንድ አንድ ክብ ቀዳዳ አለው። የኤዲሰን ደግሞ በየጎኑ አራት አራት ባለ ማዕዘን ቀዳዳ። ብርሃን ላይ ከፍ አድርጎ ማየት ይበቃል። ኮዳክ ከ1916 ጀምሮ በፊልሙ ጠርዝ ላይ ዓመት የሚያሳዩ ትናንሽ ምልክቶች ያትም ነበር። ሁለት ማስጠንቀቂያ አለው። አንደኛ፣ ምልክቱ ባዶው ፊልም የተመረተበትን እንጂ ታሪኩ የተቀረጸበትን አይናገርም፤ የ1903 ፊልም በ1925 ከተገለበጠ የ1925ን ምልክት ይይዛል። ሁለተኛ፣ ምልክቶቹ በየ20 ዓመቱ ይደጋገማሉ። የ1925ና የ1945 አንድ ናቸው።

ከዚህ በኋላ የዩቲዩቡ ጥያቄ ብዙ አያደክምም። አይሆንም። በተለይ በ2020 በኮምፒውተር ፕሮግራም ጠርቶ በሰፊው የተሠራጨው የባቡሩ ቪዲዮ በሰከንድ 60 ፍሬም ነው። ከመጀመሪያው ፊልም የመጣው ከዚያ የጥቂቱ ብቻ ነው። የቀረውን ማሽኑ ገምቶ የሞላው ነው። ፊት፣ የልብስ ጥለት፣ ጥላ፣ ሁሉም የተነካ ነው። ለማየት ደስ ይላል። ልብስና ጥላ አይቶ ወቅት ለመለየት ግን ምንም አይረባም። ከቪዲዮው በታች የተጻፈውን ዓመትም የጻፈው ቪዲዮውን የጫነው ሰው ነው።

ገደቡንም ልንገርዎት። ሁሉም ግጭት አይፈታም፤ ፊልሙ ራሱ ብዙ ጊዜ የለም። የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት በ2013 ባወጣው ጥናት መሠረት ከ1912 እስከ 1929 ከተሠሩት 10,919 የአሜሪካ ረጃጅም ድምፅ አልባ ፊልሞች ውስጥ በመጀመሪያው 35 ሚሊ ሜትር መልካቸው ሙሉ ሆነው የተረፉት 14 በመቶ ብቻ ናቸው። ፊልሙ ከሌለ የሚቀርዎት ካታሎግ፣ ማስታወቂያና ጋዜጣ ነው። ካታሎግ ደግሞ የሚጻፈው ለመሸጥ ነው፤ ማስታወቂያ የታሰበውን እንጂ የታየውን አይናገርም። ያኔ አንዱን መርጦ በድፍረት ከመጻፍ «ከዚህ እስከዚህ ባለው ጊዜ» ብሎ መጻፍ ይሻላል። የፊልም ሠሪዎችን ትዝታ ከሁሉም በኋላ ያስቀምጡት። ሠላሳ ዓመት ቆይቶ «የመጀመሪያው እኔ ነኝ» የማይል ሰው አላጋጠመኝም።

ለጽሑፍዎ የምመክረው ይህ ነው፤ እንዲህ አድርገው ይጻፉት። ሉሚየሮች ዲሴምበር 28 ቀን 1895፣ በእኛ ታኅሣሥ 19 ቀን 1888 ዓ.ም.፣ ፓሪስ ውስጥ ለከፋይ ሕዝብ አሥር አጫጭር ፊልሞች አሳዩ፤ ባቡሩ በመካከላቸው አልነበረም። የባቡር መድረስ ፊልም በ1896 ይታይ ነበር። ዛሬ በስፋት የሚታየው የላ ሲዮታው ግን በ1897 የተቀረጸ ሌላ ጥቅል ነው። ተመልካቹ ሸሸ የሚለው የዘመኑ ማስረጃ የለውም። ለ ፕሬንስ ከሉሚየሮች ሰባት ዓመት ቀድሞ ሊድስ ውስጥ ቀርጿል፤ ለሕዝብ ግን አላሳየም። «የመጀመሪያው» የምትለዋን ቃል ከተጠቀሙ ምን የመጀመሪያ እንደሆነ በዚያው ዓረፍተ ነገር ውስጥ ይናገሩ።

ምስል ሲያስገቡ ደግሞ ከሥሩ ዓመት ብቻ አይጻፉ። ከየትኛው ቤተ መዛግብት ቅጂ እንደተወሰደ፣ የካታሎግ ቁጥሩንና የትኛው ዓይነት እንደሆነ ይጥቀሱ። ለባቡሩ 653 ይበቃል። ለፋብሪካው የፈረሱን ቁጥር ይጨምሩበት።